የደጋኗ ጉርሻ

አባቴ ጉርሻ አይቀበልም። ይህን ስል ሰው ቀለል አድርጎ ያልፈዋል፤ በእኛ አገር ጉርሻ እምቢ ማለት ምን እንደሚያስከትል ግን ልጅነቴን ሙሉ ከጎኑ ተቀምጬ አይቻለሁ። ሠርግ ቤት አንዷ አክስት ተነሥታ፣ እጇን ሞልታ፣ «በሞቴ» እያለች ስትመጣ እሱ እጁን ደረቱ ላይ አድርጎ «አልሃምዱሊላህ፣ ጠግቤያለሁ» ይላል። «በሞቴ» ይደገማል፣ ይሠለሳል። ጉርሻው አየር ላይ ይቀራል፣ ወጡ በአክስት ክንድ ይወርዳል፣ አባቴ ፈገግ ብሎ ቁጭ። በገዛ ሠርጉ ቀን የእናቴን ጉርሻ እንኳ አልጎረሰም። የእናቴ ዘመዶች ይህ ነገር ሲነሣ እስከ ዛሬ ፊታቸው ይለወጣል። አንዷማ «ያኔ ነበር ልጃችንን ይዘን መመለስ» ትላለች፤ እናቴ ወልዳ፣ ልጆቿም ወልደው ካበቁ በኋላ።

አበላሉም የራሱ ነው። ቁራሹን አነስ አድርጎ ይቆርሳል፣ ያላምጣል፣ ያላምጣል። እኛ ጨርሰን እጃችንን ታጥበን ስንመለስ እሱ ገና ከዳር ላይ ነው። ኮቱ ኪስ ውስጥ ሁልጊዜ አንድ እፍኝ ቆሎ አለ፤ ይበላዋል ማለት አይደለም፣ መኖሩን ብቻ በእጁ ዳበስ እያደረገ ያረጋግጣል። እናቴ ኮቱን ልታጥብ ስትል ቆሎውን አውጥታ ሰሃን ላይ ታስቀምጣለች፣ ኮቱ ሲደርቅ መልሳ ትከተዋለች። ስለዚህ ነገር ሁለቱ ሲነጋገሩ ሰምቼ አላውቅም።

አባቴ በደርግ ጊዜ ወታደር ነበር። ሰሜን ላይ ተማርኮ፣ በረሃ ውስጥ ዓመታት አሳልፎ የተመለሰ ሰው ነው። ይህን ቤተሰቡም ሰፈሩም ያውቃል፤ እሱ ግን የሚያወራው የሚያስቀውን ብቻ ነበር። ልጆች ሆነን ደጋግሞ እንዲነግረን የምንለምነው የቃል ወጡን ነው። ለምርኮኞቹ የሚደርሳቸው ጥቂት ምስርና ቂጣ ነበርና፣ አመሻሽ ላይ ክብ ሠርተው ተቀምጠው በቃል ወጥ ይሠራሉ። አንዱ ሽንኩርት ይከትፋል፣ አንዱ ቅቤ ያነጥራል፣ አንዱ «ቆይ፣ በርበሬው ገና ነው» ይላል። አንድ ቀን የጎጃሙ ሰው ጨው ሁለት ጊዜ ጨመረ ተብሎ የእውነት ጠብ ተነሣ፤ ተኳርፈው ሰነበቱ። አባቴ ይህችን ሲነግረን እንባው እስኪወርድ ይስቃል።

በዚያ ክብ ውስጥ አንድ ጓደኛ ነበረው፣ የደጋን ልጅ። ተራው ሲደርስ ሁልጊዜ አንድ ምግብ ብቻ ነው የሚሠራው፤ የእናቱን ፍትፍት። የማሽላ እንጀራውን ያፈርሳል፣ ቅቤውን ያፈስሳል፣ እናቱ በእጇ ስታሸው ያሳያል። ሌሎቹ «አሁንስ ሰለቸን፣ ሌላ ሥራ» ቢሉትም አይሰማም። አባቴ የጓደኛውን ነገር እዚህ ላይ ያቆመዋል። «ከምርኮ ስንመለስ ታሞ ሞተ፣ አላህ ይዘንለት» ብሎ ወደ ሌላ ወሬ ያልፋል።

የጓደኛው እናት የሚኖሩት ደጋን ነበር። እኛ ኮምቦልቻ ነን፤ ደጋን ከእኛ በሚኒባስ ብዙም አትርቅም። አባቴ በየዓመቱ በአረፋ ማግስት ወደ እሳቸው ይሄዳል፣ እኔም ከልጆቹ ትልቋ ስለሆንኩ ይዞኝ ይሄዳል። እማማ ረዥም፣ ቀጭን፣ ድምፃቸው የወንድ የሚመስል ሴት ነበሩ። ገና ጫማችንን ሳናወልቅ ገበታው ይቀርባል። ያንኑ ፍትፍት በእጃቸው አሽተው፣ ጡጫ የሚያህል ጉርሻ ጠቅልለው ወደ አባቴ ይዘረጋሉ።

አባቴም አፉን ይከፍታል።

ለመጀመሪያ ጊዜ ያየሁ ቀን አፌን ከፍቼ ቀረሁ፤ እሱ ሲጎርስ እኔም አብሬ የምጎርስ ይመስል። ይሰጡታል፣ ይጎርሳል፣ ይደግሙታል፣ ይጎርሳል። «እሰይ የኔ ልጅ» ይላሉ። ያን ቀን በእናቴ ፈንታ ተናደድኩ። የሚስቱን ጉርሻ በአደባባይ እምቢ ያለ ሰው እዚህ እንደ ጥጃ ይመገባል! ስንመለስ ደግሞ ሚኒባሱ ውስጥ ላብ ያጠምቀዋል፣ ፊቱ አመድ ይመስላል፣ ሆዱን ይዞ መስኮት መስኮቱን ያያል። ብዙ ጊዜ ሾፌሩን አስቁሞ ወርዶ ያስመልሰዋል። «መንገዱ ነው» ይለኛል። መንገዱ ልሙጥ አስፋልት ነው።

አድጌ፣ ተምሬ፣ ደሴ አስተማሪ ሆኜ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ የሐረጎን ጠመዝማዛ መንገድ ቁልቁል ወርጄ ቤተሰብ እየጠየቅሁ ስኖር ይህ ነገር እንደዚያው ነበር። ነገሩ የተፈታው በጎረቤታችን ልጅ ምክንያት ነው።

ጎረቤታችን ክርስቲያን ናት፤ አጥራችን አንድ ነው። እኛ የምናርደውን እነሱ አይበሉም፣ እነሱ የሚያርዱትን እኛ አንበላም፣ የቀረው ሁሉ የጋራ ነው። ልጇ ባለፈው ጦርነት ዘምቶ የት እንደደረሰ ጠፋ። ጦርነቱ እኛም ከተማ ደርሶ ሸሽተን፣ ተመልሰን፣ የተሰበረ በር ጠግነን ስንቀመጥ፣ ከዘመቱት የሞቱት መርዶ ሲነገር፣ የእሱ ወሬ የለም። ዘመዶቿ ሐዘን እንድትቀመጥ ሲነግሯት «ሬሳውን አምጡልኝና እቀመጣለሁ» ብላ አባረረቻቸው። ከዚያ በኋላ ተማርኮ እንደነበር ተሰማ። ጦርነቱ ቆሞ ብዙ ከቆየ በኋላ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ በባጃጅ መጥቶ በሯ ላይ ወረደ። እናቱ ወጥታ አየችውና «ማንን ፈልገህ ነው?» አለችው።

ድንኳን ተተከለ። የቅሬያችን፣ የሰፈሩ ዕድር፣ ድንኳን ነው፤ ለለቅሶ የተገዛ፣ ያን ቀን ለእልልታ የዋለ። በግ ታረደ። የሰፈሩ ሴት ሁሉ እጇን ታጥባ መጣች፤ የምትሠራው ሥራ አንድ ነው፣ ማጉረስ። ቅዳሜ ስለነበር እኔም ነበርኩ። ልጁ መሐል ወንበር ላይ ተቀምጧል፤ አንገቱ ከሸሚዙ ኮሌታ ውስጥ ወጥቶ የተተከለ እንጨት ይመስላል። እናቱ የመጀመሪያውን ጥብስ በእንጀራ ጠቅልላ፣ እያለቀሰች፣ «የኔ ጌታ፣ የኔ ጌታ» እያለች ወደ አፉ ስትልከው አባቴ ከዙህር ሶላት መልስ ድንኳኑ በር ላይ ደረሰ።

አባቴ ድምፁን ከፍ አድርጎ ሲናገር ሰምቼው አላውቅም ነበር። «አታጉርሺው!» አለ።

ሰው ሁሉ ዞረ። አባቴ ወንበሩን ሁሉ አልፎ ሄዶ እጇን ያዛት። «እባክሽ እህቴ፣ ቀስ። ዛሬ ውኃና ቀጭን አጥሚት ይበቃዋል። ሥጋው አይጠፋም፣ ይደርሳል» አላት።

«ምን ማለት ነው?» አለች። «እነዚያ በረሃብ የቀጡት አንሶ አንተም ልትከለክልብኝ?»

ከወዲያ ማዶ አንድ የልጁ አጎት ሳቀና፣ «አንተ የማትበላውን ሥጋ እኛን ለምን ትከለክለናለህ?» አለ። ሰውም ሳቀ። ልጁ ወለሉን እያየ፣ ሲለቀቅ ቀስ እያለ እንዲበላ ነግረውት እንደነበር አንሾካሾከ። ግን የእናት እጅ አፉ ላይ ሆኖ እሱ ምን ሊል ይችላል? አፉን ሊከፍት ሲል አየሁት።

«ምን እንዳይሆን ነው?» አለች እናቱ፣ አሁን በቁጣ። «እናቱ አጉርሳው የሞተ ሰው አይተሃል?»

አባቴ ሊመልስ አፉን ከፈተ። ከዚያ ዓይኑ የድንኳኑ ጥግ ላይ አረፈ። እዚያ ደጋን ገበያ የሚውሉ፣ ከጎረቤታችን ጋር በርበሬ የሚነግዱ ሴቶች ተቀምጠው ነበር። አፉን መልሶ ዘጋው። ያን ፊቱን እስከ ዛሬ አልረሳውም፤ ሁለት ሰው እየሰመጠበት አንድ ገመድ ብቻ የያዘ ሰው ፊት ነበር። ለምን እንደሆነ አልገባኝም። ግን ፈራሁለት።

እጇን ለቀቀና ወደ መምሬ ሄደ። መምሬ የቤተሰቡ የነፍስ አባት ናቸው፣ ሽማግሌ፣ ከአባቴ ጋር በሰላምታ የሚግባቡ። ጎንበስ ብሎ በጆሯቸው ተናገረ። ምን እንዳላቸው አልሰማሁም፤ መስቀላቸውን የያዘው እጃቸው ሲጨብጥ ግን አየሁ። ቀና ብለው አባቴን አዩት፣ ልጁን አዩት፣ ብድግ አሉ።

«ስሙ» አሉ። «ይህ ልጅ ከሞት አፍ የወጣ ነው። የነፍስ አባቱ እኔ ነኝ። ከዛሬ ጀምሮ ሱባዔ ይዟል። ሥጋ፣ ቅቤ፣ ጠላ አይቀምስም። አጥሚት፣ ያውም ቀጭን፣ ያውም በስኒ። እኔ እስክፈታው ድረስ ከዚህ ሰው እጅ በቀር ከማንም እጅ እንዳይጎርስ።» በመስቀላቸው አባቴን አመለከቱ።

«ሙስሊሙ የሱባዔ ዘበኛ ሆነ!» አለ ያው አጎት፤ አሁን ግን የሳቀለት የለም። እናቱ ሰሃኗን አስቀምጣ፣ መስቀሉን ተሳልማ፣ አጥሚት ልትጥድ ወደ ጓዳ ገባች። ለጎረቤት እምቢ ያለች ሴት ለነፍስ አባቷ አንዲት ቃል አልመለሰችም። በጉን እንግዳው በላው።

በማግስቱ ጤና ጣቢያ ወሰዱት፤ እዚያም መድኃኒት ሰጥተው ምግቡን ጥቂት በጥቂት እንዲጨምሩለት ነገሯቸው። አባቴ ጠዋት ፔርሙዝና ስኒ ይዞ ይገባል፣ ሲመሽ ይወጣል። ብዙም አያወሩም። ልጁ ፍራሹ ሥር ዳቦ መደበቅ ጀምሮ ነበር። እናቱ አግኝታው ስታለቅስ አባቴ ዳቦውን ተቀብሎ ወደ ልጁ ዞረና «እዚህ አይጥ ያገኘዋል፤ ኪስህ ውስጥ አድርገው» አለው። መልሶ ሰጠው። እኔ በር ላይ ቆሜ ነበር፤ የአባቴን ኮት ኪስ አየሁና ዓይኔን አሸሁ። እንደዚያን ጊዜ ኮርቼበት አላውቅም።

ልጁ ሲያገግም፣ መምሬ ሱባዔውን ሊፈቱ የመጡ ዕለት፣ «ጋሼ» አለው አባቴን፣ «እርስዎ ሲመለሱ ማን ጠበቀዎት?»

አባቴ ትንሽ አሰበና «ይሉኝታ» አለ።

አባቴን ቤታችን ደጃፍ ላይ አስቀምጬ ካላስረዳኸኝ አልለቅህም ያልኩት ያን ቀን ነው። ነገረኝ። ከምርኮ ሲለቀቁ ከጓደኛው ጋር በጭነት መኪና ነው የመጡት። መኪናው ኮምቦልቻ ሲቆም አባቴ ሊወርድ ነበር፤ ግን እናቱ በልጅነቱ ስለሞተች የሚጠብቀው ሰው የለም። ጓደኛው «ና፣ እናት ያለችበት ቤት እንግባ» አለው። ደጋን ወረዱ። እናትየው ጮኸው፣ ወድቀው፣ ተነሥተው፣ ያንን ፍትፍት አቀረቡ። በረሃ ላይ በቃል ሲሠራ የኖረው ፍትፍት ገበታ ላይ መጣ።

«እኔ የሰው ቤት ነውና አፈርኩ» አለኝ አባቴ። «ሁለት ጊዜ ጎርሼ ‹በቃኝ› አልኩ። እሱ ግን የእናቱ እጅ ነው፣ እንዴት በቃኝ ይበል? ስታጎርሰው፣ ሲጎርስ፣ ሁለቱም ሲያለቅሱ፣ ሲስቁ። ጎህ ሲቀድ ሞተ።»

እናትየው ምርኮው ገደለብኝ ብለው አለቀሱ፤ አባቴም ያኔ እንደዚያ መስሎት ነበር። ከወራት በኋላ ራሱ ታሞ ሆስፒታል ሲተኛ ግን ሐኪሙ ነገረው፤ ረሃብ የቆየበትን ሰውነት ድንገት ሲሞሉት ልብ ይቆማል። ከዚያ ቀን ጀምሮ የሰው ጉርሻ ጉሮሮውን አያልፍም። የእሳቸውን ግን እምቢ ቢል ይጠረጥራሉ ብሎ ፈራ። «የልጅሽ ገዳይ እጅሽ ነው ብዬ ልንገራት?» አለኝ። «ለልጇ ያዘጋጀችውን እኔ እየበላሁ ምንም አለመሆኔን ትየው። ሌላ የምሰጣት ነገር የለኝም።»

ድንኳኑ ውስጥ አፉን የዘጋው ለዚህ ነበር። እናቱ አጉርሳው የሞተ ሰው አይቷል፤ ቢናገር ግን ወሬው በማግስቱ ገበያ ደጋን ይደርሳል። ልጁንም፣ አሮጊቷንም ለማዳን መምሬ ዘንድ ሄደ። በጆሯቸው ሙሉውን ነግሯቸው ኖሯል። መምሬ እስከ ዛሬ ለማንም አልተናገሩም።

በሚቀጥለው አረፋ ማግስት እንደ ወትሯችን ደጋን ሄድን። እማማ አርጅተው ነበር፣ ግን ገበታው ያው ነው። አባቴ ለዙህር ወደ መስጊድ ሲወጣ እሳቸው አጠገቤ ተቀመጡና የእጄን አንጓ ያዙ።

«አባትሽ አንድ ልጅ በስኒ አዳነ አሉ» አሉኝ።

«አዎ እማማ።»

«ደግ አደረገ። አላህ ይስጠው።» ቀጥለው ያንን የወንድ የሚመስል ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ልጄን የገደለው ምን እንደሆነ የማላውቅ መስሎሻል?» አሉ።

ወደ በሩ አየሁ፤ አባቴ ገና አልተመለሰም።

«ያን ዓመት ዝናቡ ዘግይቶ ነበር። ላሜ ከስታ አጥንቷ ወጥቷል። ዘንቦ አዲስ ሣር ሲበቅል ወደሱ ስትሮጥ ሮጬ ደርሼ ያዝኳት። ሲራብ የከረመ ከብት አዲስ ሣር ላይ ከለቀቁት ተነፍቶ ይሞታል፤ ይህን የማያውቅ ገበሬ የለም። ገመዷን እንደያዝኩ እመሬት ላይ ቁጭ አልኩ። ወላሂ ልጄ፣ ለላሜ ያወቅሁትን ለልጄ አላወቅሁም።»

«ታዲያ አባቴን ለምን ያጎርሱታል?» አልኩ።

«በመጀመሪያው አረፋ ሲመጣ ጥቂት አድርጌ አቀረብኩለት። ጥቂትነቷን አየና ፊቱ ጠቆረ። ያወቅሁ መስሎት ደነገጠ፤ የደነገጠው ለኔ ነው። ይሄ የሰው ልጅ የራሱ ሳያንሰው የኔን ጭኖ ሊሄድ ነው ብዬ እጄን ሞልቼ አጎረስኩት። ጎረሰ፤ ፊቱ ተመለሰ። ከዚያ ወዲያ በምን ላቋርጠው? እንደሚያመው አውቃለሁ። እሱ ሲሄድ እኔም ያን ቀን እህል አይወርድልኝም።» እጄን ጨበጥ አደረጉት። «በቁሜ እንዳትነግሪው። ስሞት ንገሪው።»

አባቴ ገባ። እማማ ታጥበው ቀረቡ፣ አሹ፣ ጠቀለሉ፣ ዘረጉ። አባቴ አፉን ከፈተ። «እሰይ የኔ ልጅ» አሉ። ከዚያ ለእኔ አዞሩት። ጎረስኩ። እንባዬ ሲወርድ አባቴ አየኝና «ምን ሆንሽ?» አለኝ፤ በርበሬው ነው አልኩት።

እማማ ዘንድሮ ከአረፋ በፊት አለፉ። አባቴ ከቀባሪዎቹ ጋር አፈር ሲያለብስ ውሎ፣ ማታ ቤት መጥቶ ኮቱን ሳያወልቅ ተቀመጠ። አረፋ ሲደርስ በማግስቱ ልብሱን ለባብሶ ደጃፉ ላይ ቆመ፣ ከዚያ የሚሄድበት እንደሌለ ትዝ ሲለው ተመልሶ ገባ። ያኔ ልነግረው ነበር፤ አፌ እምቢ አለኝ። ተማሪ ፊት ቀኑን ሙሉ የሚለፈልፍ አፍ አንዲት ነገር መናገር አቃተው።

ስለዚህ ጻፍኩት። ስለ ምርኮው ልጽፍ ነው ስለው ፈቀደልኝ፤ ከሰው በፊት ግን እኔ ላንብበው ብሏል፤ ያነባልም፣ እንደሚበላው ነው፣ ቀስ እያለ፣ አንዲት ቃል ሳያስቀር። አባዬ፣ እዚህ ስትደርስ መነጽርህን አውልቅና ትንሽ አረፍ በል። እማማ ያውቁ ነበር። ላሟን ከሣሩ ከመለሱበት ቀን ጀምሮ ያውቁ ነበር። ያጎረሱህ ላንተ ብለው ነው፤ ከእንግዲህ ሆድህን አሳርፍ።